የዲኤልኤል ፋይሎችን እንዴት ልለያቸው? እርዱኝ

ሰላም ወገኖች፣ አንድ ነገር ይዞኛል። ሱቃችን ያለው ኮምፒውተር ባለ 64 ቢት ዊንዶውስ 10 ነው። የሂሳብ ፕሮግራሙን ስከፍት «ኤምኤስቪሲፒ140.ዲኤልኤል አልተገኘም» ይለኛል (ዲኤልኤል ፕሮግራሞች ለመሥራት የሚጠሩት የኮድ ፋይል ነው)። ፋይሉ ግን ሲስተም32 በሚባለው የዊንዶውስ ፎልደር ውስጥ ቁጭ ብሏል!

ይህ ፋይል ከማይክሮሶፍት ቪዥዋል ሲ ፕላስ ፕላስ (ፕሮግራም መሥሪያ ነው) ጋር የሚመጣ ነው፤ ብዙ ፕሮግራሞች በጋራ ይጠቀሙበታል። እንዳነበብኩት ሲስተም32 የሚይዘው ባለ 64 ቢት ፕሮግራሞች የሚጠቀሙባቸውን ፋይሎች ነው። የባለ 32 ቢቶቹ ያሉት ሲስዋው64 በሚባል ሌላ ፎልደር ውስጥ ነው። ስሙ በጣም ያደናግራል። ፕሮግራሙ የቆየ ስለሆነ 32 ቢት ሳይሆን አይቀርም።

ጥያቄዬ፦ ፕሮግራሙ ስለማይነሳ ታስክ ማናጀር (የተከፈቱ ፕሮግራሞችን የሚያሳየው) ላይ ማየት አልቻልኩም። ታዲያ ስንት ቢት እንደሆነ በምን ላረጋግጥ? 32 ከሆነ የቪዥዋል ሲ ፕላስ ፕላስን የኤክስ86 (ማለትም ባለ 32 ቢት) ጥቅል ከማይክሮሶፍት አውርጄ መጫን ይበቃል? ያለውን ባለ 64 ቢት አይነካብኝም?

ሌላም አለ። የዊንዶውስ የራሱ የሆኑትን የዲኤልኤል ፋይሎች፣ ከቪዥዋል ሲ ፕላስ ፕላስ የመጡትንና የፕሮግራሞቹን ለይቼ መመዝገብ እፈልጋለሁ። የፋይሉ ፕሮፐርቲስ ውስጥ ያለው ዲጂታል ፊርማ (ፋይሉ የማን እንደሆነ የሚያሳየው) የመጀመሪያዎቹን ሁለቱን አይለይልኝም፤ ሁለቱም ማይክሮሶፍት ይላሉ። እናንተ በምን ትለያላችሁ?

አንድ ጓደኛዬ ፋይሉን ብቻ ከአንድ ድረ ገጽ አውርደህ ለጥፍ ብሎኛል። የሱቁ ሂሳብ በሙሉ እዚህ ኮምፒውተር ላይ ስለሆነ ቫይረስ እፈራለሁ፤ እሱን አላደርገውም።