ወንድሜን ቅጥቅጥ ገጨው፤ ሹፌሩም ሞቷል። ካሳ ማንን እንጠይቅ?

የደንበጫዋ እህት፦
ሰላም ለሁላችሁ ይሁን። ጭንቅ ይዞኝ ነው የምጽፈው። ታላቅ ወንድሜ ሐምሌ ላይ ከደንበጫ ገበያ አህያውን እየነዳ ሲመለስ፣ ወደ ማርቆስ የሚሄድ ቅጥቅጥ ከአስፋልቱ ወጥቶ ገጨው። መኪናው ተገልብጦ ሹፌሩም እዚያው ሞተ። ወንድሜ ገበሬ ነበር። ሚስቱ፣ ሦስት ልጆቹና እሱ የሚጦራት እናታችን ቀርተዋል። ትንሿ ልጅ ገና ጡት አልጣለችም።

ከአርባው በኋላ የመኪናው ባለቤት ሽማግሌ ላከብን። «60,000 ብር ልስጥ፣ ሹፌሩ ሞቷል፣ የሚከሰስ ሰው የለም፣ ከእንግዲህ ላትጠይቁ ፈርሙ» ይላል። ወረቀቱን አይቼዋለሁ። የሦስቱ ልጆች ስም ተጽፎ፣ ከሥሩ ለእናታቸው አሻራ ባዶ ቦታ ተትቷል። ሽማግሌዎቹ የምናከብራቸው አባቶች ስለሆኑ እንቢ ማለት ከበደን። ደግሞ «አህያው መንገድ ገብቶ ነው» የሚል ወሬም ሰምተናል። ምን ትመክሩናላችሁ?

ጠበቃ ከማርቆስ፦
ነፍስ ይማር እህቴ፣ እግዚአብሔር ያጽናችሁ። ያን ወረቀት እንዳትፈርሙ። የሹፌሩ መሞት የሚዘጋው በእሱ ላይ የሚቀርበውን የወንጀል ክስ ነው እንጂ የእናንተን የካሳ ጥያቄ አይደለም። በ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 2081 መሠረት፣ መኪናውን የነዳው ሌላ ሰው ቢሆንም ባለንብረቱ መኪናው ላደረሰው ጉዳት ኃላፊ ነው። «እኔ አላጠፋሁም» ወይም «ፍሬኑ እንቢ ብሎ ነው» ቢል አያመልጥም። ሊከራከር የሚችለው ጥፋቱ የሟቹ ነበር ብሎ ነው፤ የአህያው ወሬ የመጣውም ለዚሁ ይመስለኛል። ስለዚህ ትራፊክ ፖሊስ ያነሳውን የአደጋ ፕላን (የአደጋውን ቦታ ንድፍ) ኮፒ በእጃችሁ አድርጉ። የጎማው ፈለግ ከአስፋልቱ ውጭ ከተሳለ ወሬው ዋጋ የለውም።

ክሱ በ2 ዓመት ውስጥ መቅረብ አለበት (ቁጥር 2143)። «እርቁ ሲያልቅ» እየተባለ ጊዜው ሲያልፍባቸው ያየኋቸው ቤተሰቦች አሉ፤ አንጀት ይበላል። ባለንብረቱ ሌላ ከተማ ቢኖርም አደጋው በደረሰበት አካባቢ ባለው ፍርድ ቤት መክሰስ ትችላላችሁ።

የቡሬው አባት፦
ልጄን እንዲሁ በመኪና ያጣሁ ሰው ነኝ፤ እንደኔ እንዳትሳሳቱ ብዬ ነው። መጀመሪያ የሄድኩት ኢንሹራንሱ ዘንድ ነበር። ብሩን ሲሰጡኝ «ሙሉ በሙሉ ረክቻለሁ» የሚል ቅጽ አቀረቡልኝ፣ ሳላነብ ፈረምኩ። በኋላ ባለንብረቱን ብከስ ያንኑ ቅጽ አውጥቶ ዳኛው ፊት ዘረጋው። ብዙ ተንከራተትኩበት። ልጄ፣ የምትፈርሙትን ቁጭ ብሎ የሚያነብላችሁ ሰው ይኑር።

ጠበቃ ከማርቆስ፦
ጋሼ ያሉት ትክክል ነው። የሦስተኛ ወገን መድን (መኪናው በሌላ ሰው ላይ ለሚያደርሰው ጉዳት የሚገባው ኢንሹራንስ) ግዴታ ነው፣ አዋጅ ቁጥር 799/2005 አለ። አዋጁ ሲወጣ ለአንድ ሰው ሞት ከ5,000 የማያንስ፣ ከ40,000 ብር የማይበልጥ ይከፈል ነበር፤ ከዚያ ወዲህ ጣሪያው ከፍ ብሏል። ጣሪያው ግን የመድን ድርጅቱ እንጂ የባለንብረቱ አይደለም፤ የቀረውን ባለንብረቱ ራሱ ይከፍላል። የመድን ድርጅቱን ስም ከትራፊክ ፖሊስ መዝገብ ታገኙታላችሁ። መኪናው መድን ሳይኖረው ቢገኝ፣ ወይም ገጭቶ ያመለጠ ቢሆን ኖሮ፣ የሚኬደው ወደ መድን ፈንድ ነው።

ሌላ አንባቢ እንዳይሳሳት፦ ሟቹ ከፍሎ የተሳፈረ ሰው ከሆነ የክሱ መነሻ የማጓጓዝ ውሉ ስለሚሆን አቤቱታው በሌላ መንገድ ይዘጋጃል።

የፍኖተ ሰላሟ፦
እህቴ፣ እኔም ባሌ ገበሬ ነበር። ፍርድ ቤት ያስቸገረኝ ገቢውን ማስረዳት ነው፤ ገበሬ ደሞዝ የለው። የመሬት ይዞታ ደብተሩን ይዤ ቀበሌ ሄድኩ፤ ስንት ቃዳ መሬት እንደሚያርስና ስንት ኩንታል ጤፍና በቆሎ እንደሚያገባ ከግብርና ጽሕፈት ቤት አጻፍኩ፤ ከዚያ አብረውት ደቦ የወጡ ሁለት ጎረቤቶች መሰከሩልኝ። የጋብቻ ማስረጃ፣ የልጆች ልደት፣ የሐኪም ቤቱ ማስረጃ፣ የሞት ምስክር ወረቀትና የልጆች ሞግዚትነት ውሳኔ ሁሉ ተጠይቄያለሁ። የሁሉንም ኮፒ በፌስታል አድርጊና ዋናውን ለማንም አትስጪ።

የሞጣው፦
ሽማግሌዎቹን ግን አታስቀይሟቸው። ወገን ከወገን እንዳይቋሰል የሚደክሙ ናቸው። እርቁ ይውረድ፣ ቂሙ ይቅር። ብሩ ላይ ግን «ይህ ለቀብርና ለተዝካር ወጪ የተሰጠ ነው፤ የካሳ መብታችንን አይነካም» ተብሎ ይጻፍ በሏቸው። ቅን ሽማግሌ ይህን እንቢ አይልም።

ጠበቃ ከማርቆስ፦
በተለይ የልጆቹን ድርሻ እናታቸው ያለ ፍርድ ቤት ፈቃድ በእርቅ መተው የለባትም። የፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 2095 ካሳ የመጠየቅ መብት ለባል ወይም ሚስት፣ ለልጆችና ለወላጆች ይሰጣል፤ ስለዚህ ሲጦራት የነበረችው እናታችሁም በራሷ ስም ትጠይቅ። ካሳው በቀለብ መልክ ይሰላል። የሕሊና ጉዳት ካሳ እስከ ዛሬ ከ1,000 ብር እንዳይበልጥ ተወስኖ መቅረቱ ያሳዝነኛል፤ ቢሆንም ጠይቁት።

የዳኝነት (ክስ ሲከፈት ለፍርድ ቤት የሚከፈለውን) መክፈል ካቃታችሁ ከቀበሌ የድህነት ማስረጃ ይዛችሁ በነጻ ለመክሰስ አመልክቱ። ደብረ ማርቆስ ዩኒቨርሲቲ የሕግ ትምህርት ቤት ነጻ የሕግ ድጋፍ ስለሚሰጥ አቤቱታውን እዚያ ያዘጋጁላችኋል።

የደንበጫዋ እህት፦
እግዚአብሔር ይስጥልኝ። ዛሬ ጠዋት ከዋርሳዬ ጋር ትራፊክ ፖሊስ ሄደን የፕላኑን ኮፒ ጠየቅን፤ ሐሙስ ኑ ብለውናል። መርማሪው ፕላኑን ሲያሳየን የጎማው መስመር ከአስፋልቱ ወጥቶ፣ ወንድሜ የወደቀበት ቦታ ከቦዩ ማዶ በእክስ ምልክት ተደርጎበት አየሁ። አህያው መንገድ አልገባም። ለሽማግሌዎቹ የሞጣው ወንድማችን ያለውን ቃል በቃል ነገርናቸው፤ አንደኛው አባት ወረቀቱን አጥፈው ኪሳቸው ከተቱና «እንግዲያው አስተካክለን እንመለሳለን» አሉን።