የአባቴ ፈረስ ጠፋ፣ እንጅባራ አካባቢ ያላችሁ ተባበሩኝ
ሰላም ቤተሰብ፣ እባካችሁ ላስቸግራችሁ። ጥር 23 የአገው ፈረሰኞች በዓል ለት ማታ የአባቴ ፈረስ ከታሰረበት ጠፋ፣ ዳማ ነው ግንባሩ ቦቃ፣ የግራ ጆሮው ጫፍ ትንሽ ተቀዷል፣ ገመዱ ይበጠስ ይቆረጥ አልገባንም። ቴዎድሮስን አባ ታጠቅ ምኒልክን አባ ዳኘው ይሏቸው የለ በፈረሳቸው ስም፣ የኛንም ሽማግሌ ሰፈሩ እንደዛ ነው የሚጠራው፣ አሁን ሲጠሩት ይከፋዋል። እህል አልቀምስ ብሏል፣ ማታ ማታ ደጅ ወጥቶ ያፏጫል ምናልባት ይሰማኝ ይሆናል ብሎ። ለፖሊስ አመልክተናል። ዳንግላ ወይ ቲሊሊ ከብት ገበያ የምትወጡ አይታችሁታል? ደሞ ፈረስ ርቆ ከተወሰደ በራሱ ቤቱን ፈልጎ ይመጣል ወይ፣ የገጠማችሁ ካላችሁ ንገሩኝ፣ ፎቶውን በኢንቦክስ እልካለሁ።