አሮጌ አውቶማቲክ ኮሮላ፦ የካምቢዮ ዘይቱ ይቀየር ወይስ ይተው?

የጢጣዋ፦

ሰላም ለእናንተ ይሁን። መኪናዋ የ2003 እ.ኤ.አ. ቶዮታ ኮሮላ ናት፤ ሞተሯ 1.8፣ ካምቢዮዋ ባለ አራት ማርሽ አውቶማቲክ። ሥራዋ ደሴና ኮምቦልቻ መመላለስ ነው። ቆጣሪው ከ200 ሺህ ኪሎ ሜትር በላይ ያሳያል፤ የካምቢዮ ዘይቱ መቼ እንደተቀየረ የሚናገር ወረቀት ግን የለም። መለኪያውን አውጥቼ ነጭ ወረቀት ላይ ሳንጠባጥበው ቀይ መሆኑ ቀርቶ ወደ ቡናማ ሄዷል፤ ትንሽ የማረር ሽታም አለው።

ሁለት ነገር አያለሁ። ጠዋት በቅዝቃዜ ወደ ኋላ ማርሽ ሳስገባ አፍታ ትቆይና ነው የምትይዘው። ከኮምቦልቻ ሽቅብ ስትወጣ ደግሞ ሦስተኛና አራተኛ ማርሽ መካከል ወዲያ ወዲህ ትላለች። አልተንሸራተተችም፣ ጉልበትም አልቀነሰችም።

አንዱ ጋራዥ «አትንኩት፤ አሮጌ ዘይት ከተነካ ካምቢዮው ይሞታል» ይላል። ሌላው በማሽን አጥቤ ሙሉ በሙሉ ልቀይረው ይላል። የቱ ነው ልክ? ምን ዓይነት ዘይት፣ ስንት ሊትር፣ በምን ቅደም ተከተል?

የሙጋዱ፦

እህቴ፣ «አትንኩት» የሚለው ምክር መነሻ አለው፤ ግን ግማሹ ብቻ ነው እውነት። አውቶማቲክ ካምቢዮ ውስጥ ያሉት የፍሪሲዮን ዲስኮች (ተጣብቀው ማርሹን የሚይዙት ሳህኖች) በተበሉ ቁጥር ብናኛቸው ዘይቱ ውስጥ ይቀራል። ዲስኮቹ አልቀው ካምቢዮው ከተንሸራተተ፣ ማለትም ሞተሩ እየጮኸ መኪናው የማይሄድ ከሆነ፣ አዲስ ዘይት የተበላውን አይመልስም። እዚያ የደረሰ ካምቢዮ ዘይቱ በተቀየረ ሰሞን ሲቆም ጥፋቱ ዘይቱ ላይ ይለጠፋል፤ የተበላሸው ግን ቀድሞ ነው። ያንቺ አትንሸራተትም። የጠዋቱ መዘግየት ደግሞ ዘይቱ ሲጎድል፣ ሲያረጅ ወይም ውስጥ ያሉት የጎማ ማኅተሞች ሲደርቁ የሚመጣ ነው፤ ከሦስቱ ሁለቱን ዘይት በመቀየር ታስተካክያለሽ። ስለዚህ ይቀየር።

በማሽን ማጠቡን ግን ለዚህች መኪና አልመክርም። ለዓመታት ሳይነካ የተኛ ደለል በአንድ ጊዜ ሲነሳ የሚሄደው ወደ ቫልቮቹ ቀጫጭን መተላለፊያዎች ነው። ማሽኑ ዘይት እንጂ ማጣሪያ አይቀይርም። ከሌላ መኪና የቀረ ዘይት ውስጡ እንዳለና እንደሌለም ከውጭ አይታይም።

የሚሻለው አፍስሶ መሙላት ነው፣ በመደጋገም። ከታች ያለው ታፖ (የማፍሰሻው ክዳን) ሲፈታ የሚወጣው 3 ሊትር ገደማ ብቻ ነው፤ ካምቢዮው በጠቅላላ የሚይዘው ወደ 7 ሊትር ተኩል ነው። የቀረው ኮንቨርተሩ (የሞተሩን ኃይል በዘይት ወደ ካምቢዮው የሚያስተላልፈው ክፍል)፣ ቫልቮቹና የራዲያተሩ ቱቦ ውስጥ ይቀራል። ሂሳቡን ስትሠሪው በመጀመሪያው ዙር 40 በመቶ፣ በሁለተኛው 64፣ በሦስተኛው 78 በመቶው አዲስ ይሆናል። ለካምቢዮው ጤና ይህ ይበቃል። በየዙሩ መካከል 500 ኪሎ ሜትር ያህል ይነዳ፤ ያንቺ ደርሶ መልስ ወደ 50 ኪሎ ሜትር ስለሆነ አሥር ጊዜ መመላለስ ማለት ነው። በድምሩ 10 ሊትር ግዢ፤ አንዱ ሊትር ለማስተካከያ ይተርፋል።

ዓይነቱ ላይ አትደራደሪ። ለዚህ ሞዴል የሚሆነው የቶዮታ ቲ-4 ነው፤ መለኪያው እጀታ ላይ ወይም የመኪናው መጽሐፍ ላይ የተጻፈውን አረጋግጪ። የሌላ ፋብሪካ ከሆነ ቆርቆሮው ላይ ጄደብሊውኤስ 3309 የሚል ይፈለግ። ኋላ የመጣው ደብሊውኤስ የሚባለው ቀጭን ነው፤ ቶዮታ ሁለቱን አንዱን በሌላው ቦታ አይፈቅድም። «ቀይ ነው፣ ያው ነው» ብለው ከጀሪካን በሊትር የሚቀዱትን እለፊው። ቀይነቱ ቀለም ነው፤ የመሪ ዘይትም ቀይ ነው። የዲስኮቹን አያያዝ የሚወስነው ዘይቱ ውስጥ ያለው ቅመም ነው፤ ያ ሲሳሳት ማርሽ ሲቀየር መንቀጥቀጥ ይጀምራል።

አሠራሩ እንዲህ ነው። መጀመሪያ ሜዳ ቦታ ፈልጊ፤ ደሴ ላይ አስቸጋሪ መሆኑን አውቃለሁ፣ ግን ተዳፋት ላይ የተለካ ዘይት ሁሌም ይዋሻል። ከመፍሰሱ በፊት ልክ መሆን አለመሆኑን እዪና ጻፊው። ሞተሩ ለብ ይበል እንጂ አይፋጅ፤ ትኩስ ዘይት ቆዳ ይልጣል። መኪናውን በክሪክ ብቻ አንጠልጥሎ ሥር መግባት የለም፤ ጠንካራ ድጋፍ ይቀመጥ።

የማፍሰሻውን ታፖ ከሞተሩ ታፖ ለይታችሁ እወቁ። የሞተሩ 14 ቁልፍ የሚይዘው ብሎን ነው፤ የካምቢዮው በ10 ብሩጎላ (ባለ ስድስት ጎን መፍቻ) የሚፈታ ነው። ይህን ሳይለዩ የካምቢዮውን አፍስሰው ሞተሩ ላይ ዘይት የሚጨምሩ አሉ፤ በአንድ ስህተት ሁለቱም ይጎዳሉ። የወጣውን መጠኑ በተጻፈበት ዕቃ ተቀበይ። ሮንዴላውን ቀይረሽ ታፖውን መልሺ፤ በረጅም እጀታ አይጠበቅ፣ ጥርሱ ይበላል።

የሚጨመረው መለኪያው በወጣበት ቀዳዳ ነው፣ ረጅም ቀጭን ቱቦ ባለው መጨመሪያ። የወጣውን ያህል ጨምሪ። ሞተሩን አስነሺ፣ ፍሬን ረግጠሽ ማርሹን ከፒ እስከ ኤል አንድ በአንድ አሳልፊ፣ እያንዳንዱ ላይ ጥቂት ሰከንድ ቆይተሽ ወደ ፒ መልሺ። ከዚያ ነድተሽ ዘይቱ ከ70 እስከ 80 ዲግሪ ሲደርስ፣ ሞተሩ እየሠራ፣ ክር በማይለቅ ጨርቅ መለኪያውን ጠርገሽ ለኪ። «ሆት» በሚለው በሁለቱ ምልክቶች መካከል ይሁን። «ኮልድ» የሚለው ለጊዜው መነሻ ብቻ ነው። ልብ በይ፣ ከኮምቦልቻ ሽቅብ እንደወጣሽ ወዲያው አትለኪ፤ ዘይቱ ከመጠን በላይ ሞቆ አብጧል፣ ግማሽ ሰዓት ይረፍ።

ከልኩ ማለፍ ከመጉደል አይሻልም። ሲያልፍ የሚሽከረከሩት ክፍሎች ዘይቱን ይመቱትና አረፋ ይሆናል፤ አረፋ ግፊት አይይዝም፣ ካምቢዮው ይንሸራተታል፣ ከመተንፈሻውም ይተፋል። ሲጎድል ደግሞ ፓምፑ አየር ይስባል፤ ሽቅብ ላይ ዘይቱ ወደ ኋላ ስለሚሸሽ ጉድለቱ መጀመሪያ የሚታየው ዳገት ላይ ነው።

የወጣው አሮጌ ዘይት በጀሪካን ተሰብስቦ ይቀመጥ። ቱቦ ውስጥ የተደፋ ሁሉ መድረሻው ቦርከና ነው፤ ከዚያ ወንዝ ከብት ይጠጣል፣ አትክልት ይለማል።

ሐይቅ ዳር፦

በሙጋዱ ወንድሜ እስማማለሁ፤ የምጨምረው አንድ ነገር ነው። ታሪኩ ለማይታወቅ ካምቢዮ የመጀመሪያው ዙር ላይ ኮፓው (ከካምቢዮው ሥር ያለው የዘይት ገንዳ) ይውረድ። ታፖ ፈትቶ ማፍሰስ ዘይት ያወጣል እንጂ ውስጥ ምን እንዳለ አያሳይም።

ታፖው ከፈሰሰ በኋላ የኮፓውን ብሎኖች ዙሪያውን አላልተሽ፣ ሁለቱን በአንድ ጎን ተዪያቸው፤ በሌላው ጎን ቀስ ብሎ ዝቅ ይበል፣ የቀረው ዘይት በዚያ ይውጣ። ውስጥ ማግኔቶች አሉ። ማግኔቱ ላይ እንደ ቅባት ያለ ግራጫ ደቃቅ ዱቄት ካለ ደግ ነው፣ የዕድሜ ነው። ጣት ላይ የሚቆረቁር የብረት ስባሪ፣ እንደ ነሐስ የሚያብረቀርቅ ወይም ጥቁር የዲስክ ቅርፊት ከተገኘ ግን ለተጨማሪ ዘይት ገንዘብ አታውጪ፤ ካምቢዮው መከፈት አለበት።

ማጣሪያውን የያዙት ብሎኖች ርዝመታቸው ከተለያየ ከየት እንደወጡ ምልክት ይደረግ። የብረት ወንፊት ብቻ ከሆነ በንጹሕ ቤንዚን፣ ከእሳት ርቆ፣ ታጥቦ በአየር ይነፋል፤ ውስጡ እንደ ጨርቅ ያለ ከሆነ ይቀየራል እንጂ አይታጠብም። ኮፓው ሲመለስ አዲስ ጓርኒሲዮን (የመጋጠሚያው ማኅተም) ይግባ፤ ጓርኒሲዮን ባለው ኮፓ ላይ ሲሊኮን መደረብ ክፉ ልማድ ነው፣ ወደ ውስጥ የተረፈው ተቆርሶ ማጣሪያ ላይ ይለጠፋል። ብሎኖቹ የሚፈልጉት የማጥበቅ ኃይል ወደ 7 ኒውተን ሜትር ወይም ከዚያ ያነሰ ነው፤ በአጭር እጀታ፣ በእጅ አንጓ ኃይል ብቻ፣ በመስቀል ተራ። ኮፓው የሚያፈሰው አብዛኛውን ጊዜ ላልቶ ሳይሆን ከልክ በላይ ተጠብቆ ጠርዙ ስለተጣመመ ነው።

ሌላ መኪና ይዛችሁ ይህን ለምታነቡ፦ በ1990ዎቹ እ.ኤ.አ. የነበረው ባለ ሦስት ማርሽ አውቶማቲክ ኮሮላ ዲፈረንሻሉ ለብቻው ዘይት አለው፣ ለብቻው ይፈሳል፣ ለብቻው ይለካል፤ ብዙ ሰው ይረሳዋል። ቪትዝ የያዛችሁ ደግሞ መጀመሪያ ካምቢዮው ሲቪቲ (በማርሽ ፈንታ በብረት ቺንጋ የሚሠራ) መሆን አለመሆኑን አጣሩ። ሲቪቲ ላይ ተራ የአውቶማቲክ ዘይት ማድረግ የብረት ቺንጋውን ያስበላዋል።

ሸዋ በር፦

ዘይቱ ተቀየረ እንበል። እንዲያ ያሳረረው ነገር ካልተወገደ አዲሱም ያርራል። ከኮምቦልቻ ደሴ ከ600 ሜትር በላይ ከፍታ በ25 ኪሎ ሜትር ገደማ ትወጫለሽ። ዳገት ላይ በዝግታ ሲሄድ ኮንቨርተሩ ይንሸራተታል፣ መንሸራተቱ ሙቀት ይሆናል፣ ሙቀቱን የሚቀበለው ዘይቱ ነው። ለዚህ ነው «ዕድሜ ልክ የሚያገለግል ዘይት» የሚባለው ነገር ለእኛ መንገድ የማይሠራው። ከዚህ በኋላ በየ40 ሺህ ኪሎ ሜትሩ አንድ ዙር ይፍሰስ።

አብሽሪ፣ ሦስተኛና አራተኛ መካከል መዋለሏ ብልሽት አይደለም። ዳገቱ ላይ ኦቨርድራይቩን (አራተኛውን ማርሽ) አጥፊ፤ ዳሽቦርዱ ላይ «ኦ/ዲ ኦፍ» የሚል መብራት ይበራል። በሦስተኛ ጸንታ ስትወጣ ዘይቱም ይቀዘቅዛል። ቁልቁል ስትወርጂም እንዲሁ አጥፊው፣ ቁልቁለቱ ከጠና 2 ላይ አድርጊ። ነዳጅ ለመቆጠብ ብሎ ኤን (ነጻ ማርሽ) ላይ አድርጎ መውረድ ሁሉን ክብደት ፍሬን ላይ መጣል ነው።

ራዲያተሩን ደግሞ እዪ። የካምቢዮው ዘይት የሚቀዘቅዘው በራዲያተሩ ታችኛ ክፍል ውስጥ ባለች ትንሽ ማቀዝቀዣ ነው። ራዲያተሩ ከዚህ በፊት ተቀይሮ ከሆነ የማንዋል መኪና እንዳይሆን፤ የማንዋሉ ያቺ ማቀዝቀዣ የለውም፣ ሁለቱን የዘይት ቱቦ እርስ በርስ አገናኝተው የሚተዉ አሉ። እንዲህ ያለ መኪና ሜዳ ላይ ሰላም ይመስላል፣ ዳገት ላይ ዘይቱን ያነደዋል። ክዳኑም ግፊት መያዝ አለበት፤ ደሴ ከፍታ ላይ ውኃ በ92 ዲግሪ ገደማ ይፈላል፣ ወደ 20 ዲግሪ ያህል የሚጨምርልን ክዳኑ ነው።

ዘይቱ አንድ ቀን ወተት የተቀላቀለበት ሮዝ መስሎ ከታየ ያቺ ማቀዝቀዣ ውስጥ ለውስጥ ተቀድዳ የራዲያተሩን ውኃ ወደ ካምቢዮው አስገብታለች ማለት ነው። ያኔ መኪናው አይነዳ፤ ውኃ የዲስኮቹን ማጣበቂያ ይፈታል።

የጢጣዋ፦

እግዜር ይስጥልኝ፣ ሁላችሁም። ኮፓው ወርዷል፤ ማግኔቶቹ ላይ ግራጫ ዱቄት ብቻ ነው ያለው፣ ስባሪ የለም። ራዲያተሩ ሁለቱም የዘይት ቱቦዎች ተገጥመውበታል። የወጣው ግን 2.6 ሊትር ብቻ ነው፣ ኮፓው ወርዶ እንኳ። ከመፍሰሱ በፊት ልኩ ከታችኛው የ«ሆት» ምልክት ዝቅ ያለ ነበር። 2.6 ልመልስ ወይስ 3? ደግሞ ከሦስቱ ዙር በኋላም የኋላ ማርሹ መዘግየት ባይጠፋስ?

የሙጋዱ፦

ጎድሎ ነበር ማለት ነው፤ ለጠዋቱ መዘግየት አንዱ ምክንያት ይኸው ነው። መጀመሪያ 2.6 መልሺ፣ አሙቀሽ ለኪ፣ ከዚያ በሩብ ሊትር በሩብ ሊትር እያደረግሽ መካከሉ ላይ አድርሺው። ኮፓውና ማጣሪያው ሲወርዱ ከወትሮው ትንሽ የበለጠ ሊቀበል ስለሚችል ቁጥሩን ትተሽ መለኪያውን እመኚ። ዘይቱ የት እንደሄደም ይፈለግ፦ የአክስሎቹ ፓራኦሊዮዎች (የዘይት ማኅተሞች)፣ ወደ ራዲያተሩ የሚሄዱት ቱቦዎች ፋሼታ (ማሰሪያ) ያለበት ቦታና የኮፓው ጠርዝ ይታዩ። አክስሉ ካምቢዮው ውስጥ በሚገባበት ቦታ እርጥብ አቧራ ከተጠራቀመ ፓራኦሊዮው ነው፤ ርካሽ ነው፣ ግን አክስሉ ሲወጣ ተጠንቅቆ ነው፣ ከንፈሩ ቶሎ ይጫራል።

ከሦስቱ ዙር በኋላ መዘግየቱ ካልለቀቀ በግምት ሌላ ዘይት አይጨመር፣ መድኃኒት የሚባሉት ጠርሙሶችም አይፍሰሱበት። ካምቢዮው ላይ የግፊት መለኪያ ቀዳዳ አለ፤ ከ20 ባር በላይ የሚያነብ ጌጅ ይገጠምና ዲ (ወደ ፊት) ላይም አር (ወደ ኋላ) ላይም ይለካል፣ ከመጽሐፉ ጋር ይነጻጸራል። በሁለቱም ካነሰ ፓምፑ ወይም የግፊት ቫልቩ ነው፤ አር ላይ ብቻ ካነሰ የኋላ ማርሹ ፍሪሲዮን ማኅተም ነው። ግፊቱ ልክ ሆኖ ስትይዝ ጓ የምትል ከሆነ ደግሞ ካምቢዮውን ትተሽ ሞተሩን የሚይዙትን የጎማ መቀመጫዎች አሳዪ።