ራዲኪዮዬ ቅጠል ብቻ ሆነ፤ ለምን አይጠቀልልም?

ጓሮ ጀማሪ (ጠያቂ)፦ ጤና ይስጥልኝ። ራዲኪዮ የሚባለውን ቀይ መራራ ሰላጣ ከዘር አፍልቼ ጓሮዬ ውስጥ ተክያለሁ። የዘሩ እሽግ ላይ ያለው ሥዕል ነጭ ደም ሥር ያለው፣ ቡጢ የሚያህል ቀይ ጥቅል ነው። የእኔ ግን አረንጓዴ ቅጠሉን ዘርግቶ ቁጭ ብሏል። ሁለቱ ደግሞ ከመሐላቸው አገዳ ማውጣት ጀምረዋል። ቅጠሉን ብቀምሰው ምሬቱ ከአፌ አልለቅ አለኝ። ችግኙን ወደ መደብ ያዛወርኩት ሙቀቱ ሲጀምር ነበር፤ ቦታው ቀኑን ሙሉ ፀሐይ ያገኛል፤ ዩሪያም ጨምሬለታለሁ። እሽጉ ላይ «ኪዮጃ» የሚል የዝርያ ስም አለ። የሚደረግለት ነገር አለ ወይስ ነቅዬ ልጣለው?

ባለ መኮትኮቻ፦ አገዳ ያወጡትን ሁለቱን ዛሬውኑ ይንቀሏቸው። ወደ አበባ ያመራ ራዲኪዮ ወደ መጠቅለል አይመለስም፤ የቦታና የውሃ ተሻሚ ከመሆን በቀር ጥቅም የለውም። በቀሩት ላይ ግን አይቸኩሉ።

ራዲኪዮ ቺኮሪ ከሚባለው መራራ ቅጠላ ቅጠል ዓይነቶች አንዱ ነው፤ በተፈጥሮው የሁለት ዓመት ተክል ነው። በመጀመሪያው ዓመት ቅጠልና ሥር ያበጃል፤ በሁለተኛው ያብባል። ሙቀትና ረጅም ቀን ሲደራረቡበት ግን ጊዜውን ሳይጠብቅ ወደ አበባ ይሮጣል። በደንብ የሚጠቀልለው የአየሩ ሙቀት ከ15 እስከ 18 ዲግሪ አካባቢ ሲሆን ነው። ቀይ ቀለሙም የሚደምቀው በቅዝቃዜ ነው። ስለዚህ የእርስዎ ችግር የእጅ ሳይሆን የቀን መቁጠሪያ ነው። በሚቀጥለው ጊዜ ቀዝቃዛው ወቅት የሚገባበትን ቀን ይያዙና ወደ ኋላ ይቁጠሩ። እንደ ዝርያው ከ60 እስከ 90 ቀን የሚፈጅ ስለሆነ፣ ጥቅሉ የሚቋጠርበት ሳምንት ቅዝቃዜው ላይ እንዲውል አድርገው ይዝሩ።

ብስባሽ አፍቃሪ፦ ባለ መኮትኮቻ ስለ ወቅቱ ያሉት ልክ ነው፤ እኔ ግን ዩሪያውንም አልምረውም። ናይትሮጅን የበዛበት ራዲኪዮ ቅጠሉን እያሰፋ መጠቅለሉን ይረሳል። ከእንግዲህ ምንም አይጨምሩ። ከመትከል በፊት በደንብ የበሰበሰ ኮምፖስት አፈሩ ውስጥ ቢገባ ይበቃዋል።

ውሃውን ደግሞ አያቆራርጡበት። አብዛኛው ሥሩ ከአፈሩ ገጽ ብዙ አይርቅም፤ አንድ ቀን ደርቆ በማግስቱ ሲጥለቀለቅ የውስጥ ቅጠሎቹ ጠርዝ ቡናማ ሆኖ ይቃጠላል። ካልሲየም ከውሃው ጋር ወደ ለጋው ቅጠል ስለማይደርስ ነው። ዙሪያውን ደረቅ ሣር ይጎዝጉዙለት፤ ጉዝጓዙ ግን ግንዱን አይንካ፤ ከነካው ከሥር ይበሰብሳል። ጠዋት ጠዋት ከሥሩ ያጠጡ፤ ቅጠሉ ላይ አያርከፍክፉ። ጉዝጓዝ ቀንድ አውጣ እንደሚጠራም አይርሱ፤ ማታ ማታ በመብራት እየፈለጉ ይልቀሙ።

የድሮ አትክልተኛ፦ መፍትሔው ቀላል ነው። ከመሬት 3 ሴንቲ ሜትር ያህል አስቀርተው ቅጠሉን በሙሉ ይቁረጡት። ቅዝቃዜው ሲመጣ ከጉቶው የሚበቅለው አዲስ ቅጠል ቀይ ሆኖ ይጠቀልላል። እኛ ስንሠራበት የኖርነው እንዲህ ነው።

ባለ መኮትኮቻ፦ ይቅርታ ይደረግልኝና፣ ይህ ምክር ለድሮዎቹ ዝርያዎች ነው። እነዚያ መጀመሪያ አረንጓዴ ቅጠል አብቅለው፣ ከተቆረጡ በኋላ ወይም ብርዱ አሮጌውን ቅጠል ካረገፈው በኋላ ነው የሚጠቀልሉት። አሁን የሚሸጠው አብዛኛው የኪዮጃ ዘር ሳይቆረጥ በራሱ ይጠቀልላል። ሊጠቀልል የተዘጋጀውን መቁረጥ ምርቱን በገዛ እጅ መጣል ነው።

ጓሮ ጀማሪ፣ ከመቁረጥዎ በፊት የውጭውን ቅጠል በጣትዎ ገለጥ አድርገው መሐሉን ይመልከቱ። ትንንሾቹ ቅጠሎች ጎብጠው አንዱ በሌላው ላይ ከተደረበ እየጠቀለለ ነው። ቀጥ ብለው ወደ ላይ ከቆሙና በመካከላቸው ያለው ግንድ ከረዘመ ግን አገዳ ሊያወጣ ነው።

ጓሮ ጀማሪ (ጠያቂ)፦ አሁን አየሁት። የአምስቱ መሐል ጎብጧል፤ የታችኛው ጠርዛቸውም ቀላ ብሏል። አንዱ ግን ጠፍጣፋ ነው፤ ምንም ምልክት የለውም።

የድሮ አትክልተኛ፦ እንግዲያው አምስቱን አይንኩ፤ ባለ መኮትኮቻ አሸንፈውኛል። ጠፍጣፋውን ግን ለእኔ ይተዉልኝ፤ እሱን ቆርጠው ይሞክሩት፤ የሚያጡት ነገር የለም።

ጥላ ሥር፦ ቅዝቃዜው እስኪመጣ ድረስ በቀትር ፀሐይ የጥላ መረብ ይዘርጉለት። ለሚቀጥለው ደግሞ ዘሩን ከግማሽ እስከ አንድ ሴንቲ ሜትር ብቻ ያልብሱት። በሞቃት አፈር ውስጥ አበቃቀሉ ስለሚያስቸግር ማፍያውን ቀዝቃዛ ቦታ ያኑሩ። በተክሎቹ መካከል ከ25 እስከ 30 ሴንቲ ሜትር ይተዉ፤ ተጠጋግቶ የተተከለ አይጠቀልልም።

ምሬትን በተመለከተ ሙሉ በሙሉ አይጠፋም፤ ይህ ተክል የሚወደደውም ስለዚሁ ነው። ቅዝቃዜ ሲያገኘው ግን ይለዝባል። ከተቆረጠ በኋላም ቅጠሉን ከትፎ ለግማሽ ሰዓት ያህል በቀዝቃዛ ውሃ መዘፍዘፍ ይረዳል። ጣሊያኖች የትሬቪዞ ከተማን ዘግይቶ የሚደርስ የራዲኪዮ ዝርያ ውርጭ ከመታው በኋላ ከነሥሩ ነቅለው፣ ሥሩን ውሃ ውስጥ አኑረው በጨለማ ያቆዩታል። ከዚያ በኋላ የሚወጣው ቀጭን ቅጠል ምሬቱ ረገብ ያለ ነው። ለኪዮጃ ግን ይህን ያህል ድካም አያስፈልግም።

ጓሮ ጀማሪ (ጠያቂ)፦ እግዚአብሔር ይስጥልኝ። መድረሱን በምን አውቃለሁ?

ብስባሽ አፍቃሪ፦ በመዳፍዎ ጫን ያድርጉት። እንደ ጥቅል ጎመን ጠንከር ካለ ደርሷል፤ የሚሰምጥ ከሆነ ገና ነው። ሲደርስ ከጥቅሉ ሥር በስለታም ቢላዋ ይቁረጡ፤ ሥሩን አይንቀሉ፤ ቅዝቃዜው ከቀጠለ ትንንሽ ቅጠሎች ደግሞ ሊሰጥዎ ይችላል። የውጭው ቅጠል አረንጓዴና የተጎሳቆለ ቢሆን አይደንግጡ፤ ሲልጡት ቀዩ ከውስጥ ነው።