አሸዋ የጫነው ሲኖ ተያዘ፤ የሚወርሰው ማነው?

ጥያቄ አቅራቢው፦ ጎበዝ፣ አንድ ነገር ላንሳ። የጓደኛዬ ሲኖ ገልባጭ መኪና ሌሊት ከወንዝ አሸዋ ጭኖ ሲወጣ ተያዘ። ሾፌሩ ፈቃድ አልነበረውም፣ እሱን አልክድም። በሳምንቱ ግን ከወረዳው «ተሽከርካሪው ተወርሷል» የሚል ደብዳቤ መጣ። ክስ የለ፣ ዳኛ የለ። ይሄ ይቻላል?

ጠበቃው፦ አይቻልም። መያዝና መውረስ ለየቅል ናቸው። የሚያዘው ማስረጃ እንዳይጠፋ ነው። መውረስ ግን ቅጣት ነው። የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 79 የዳኝነት ሥልጣን የፍርድ ቤቶች ነው ይላል። አለቀ።

ወረዳ የሚሠራው፦ ኧረ አላለቀም ወንድሜ! አንቀጽ 37ንም ገለጥ አድርጋት። ፍርድ ቤት «ወይም» በሕግ የዳኝነት ሥልጣን የተሰጠው ሌላ አካል ትላለች። ደግሞ በማዕድን አዋጁ 678/2002 ለአሸዋና ለድንጋይ ለአገር ውስጥ ሰው ፈቃድ የሚሰጠው ክልል ነው። ፈቃድ ስሰጥ ባለሥልጣን ነኝ፣ መኪና ስይዝ ማን ነህ ልባል ነው?

ጠበቃው፦ «በሕግ የተሰጠው» የምትለዋን ዘለልካት። መያዝህን ማን ከለከለህ? ውረስ የሚልህ ሕግ ካለ አንቀጹን አምጣ። ደብዳቤው ላይ እንኳ አንድ ቁጥር አልተጠቀሰም።

ወንዝ ዳር ያደገችው፦ ስለ አንቀጽ ስትከራከሩ ወንዙ አለቀ። እናቴ ቤት ስሄድ ድሮ ልብስ የምናጥብበት ድንጋይ የለም፣ ዳርቻው ተንዶ የጎረቤታችን የበቆሎ ማሳ ግማሹ ገደል ሆኗል፣ የድልድዩ መሠረት ደግሞ እንደ ጥርስ ድድ ተገልጦ ይታያል። ማታ ማታ ገልባጮቹ መብራት አጥፍተው ይገባሉ፣ ጠዋት መንገዱ ላይ ከኋላ በራቸው የተንጠባጠበ ውሃ ታያላችሁ። ተይዞ ሺህ ብር ተቀጥቶ በማግሥቱ የሚመለስ ሰው ፍርድ ቤት ምን ያስፈራዋል? እኔ ይወረስ ባይ ነኝ። ማንም ይውረሰው።

ባለ መኪናው፦ እሜቴ፣ «ማንም» ያልሽው ነገር ነው እኔን የሚያስፈራኝ። ሊብሬው በእኔ ስም ነው፣ ባንክ ዕዳ አለብኝ። ሾፌሩ ሳላውቅ ነው የሄደው፣ ይሄን የምነግረው ለማን ነው? ኬላ ላይ ኮቴ፣ የማለፊያውን ክፍያ፣ ከፍሎ ደረሰኝ ተቀብሏል እኮ! እነሱም አላወቁም ነበር? ባለፈው ሳየው ጎማው ረግቧል፣ ባትሪው የለም። ባትሪውን ማን ወረሰው?

ወረዳ የሚሠራው፦ ባትሪው ላይ መልስ የለኝም፣ እውነቱን ነው። የኮቴ ደረሰኝ ግን ፈቃድ አይደለም።

ጠበቃው፦ ህንዶች ይሄን ጣጣ ከእኛ በፊት አይተውታል። የ1957ቱ የማዕድን ሕጋቸው፣ የህንድ ዓመቶች ሁሉ በፈረንጆቹ ናቸው፣ መያዙን ለተወከለ ሠራተኛ፣ መውረሱን ለፍርድ ቤት ከፍሎ ሰጥቷል። ጠቅላይ ፍርድ ቤታቸው ደግሞ በ2002 የተያዙ መኪኖች ፖሊስ ጣቢያ ቆመው አይበስብሱ፣ ፎቶ ተነሥተው በዋስትና ለባለቤታቸው ይሰጡ ብሏል።

ወረዳ የሚሠራው፦ ህንድን ካነሣህ ሙሉውን ንገረን። ያው ፍርድ ቤት በ2014 ያለ ፈቃድ ከወንዝ አሸዋ ማውጣት ስርቆትም ነው፣ ፖሊስም ይገባበታል ብሏል። የህንዷ ክልል ኬረላ ደግሞ ለወንዝ ዳርቻ በ2001 የራሷን ሕግ አውጥታ መውረሱን ለአስተዳደር ባለሥልጣን ሰጥታለች። አስተዳደር ይወርሳል ማለት ነው!

ጠበቃው፦ ሕግ አውጥታ! እኔስ ምን አልኩ? ሕጉ ይውጣ፣ ባለንብረቱ ይሰማ፣ ይግባኙ ፍርድ ቤት ይሂድ፣ ያኔ እኔም ዝም እላለሁ።

ወንዝ ዳር ያደገችው፦ ሕጉ እስኪወጣ ድልድዩ ይጠብቃችኋል?

ባለ መኪናው፦ ነገ ጠዋት እሄዳለሁ። ማን ያዘው፣ በየትኛው አንቀጽ፣ ሲያዝ ምን ዕቃ ነበረው የሚል ወረቀት እጠይቃለሁ። ቢያንስ ባትሪውን ይጻፉልኝ።