የቀትር ጥላ ጉድ ሠራኝ

የትምህርት ቤት የተፈጥሮ ክበብ አስተባባሪ ነኝ። በግንቦት 14 ልጆች ይዤ መናገሻ ሱባ ጫካ ወጣን። ያለን አንድ ኮምፓስ ብቻ ነው። ስድስት ሰዓት ተኩል ገደማ የአንድ ሜትር ዱላ ተከልኩና "የቀትር ጥላ ሰሜንን ያሳያል" አልኳቸው። ጥላው ስንዝር የምታህል ሆና ወደ ደቡብ ዞረች። ልጆቹ ሳቁብኝ!

ስልኬን ከኮምፓሱ አርቄ ደገምኩት፤ ያው ነው። ኋላ ሲገባኝ፣ እኛ ከምድር ወገብ በስተሰሜን 9 ዲግሪ ላይ ስለሆንን፣ ከሚያዝያ መጀመሪያ እስከ ነሐሴ ማብቂያ ፀሐይ በቀትር በሰሜናችን ታልፋለች ለካ።

አሁን የጥላውን ጫፍ በ20 ደቂቃ ልዩነት በሁለት ድንጋይ እያመለከትኩ ምሥራቅና ምዕራብን እፈልጋለሁ። ጠዋት ሁለት ሰዓት ላይ ስሞክረው ግን መስመሩ ከኮምፓሱ ጋር አልገጠመም። በክረምት መግቢያ ይህን ዘዴ ለልጆች ሳስተምር፣ ስህተቱ እንዲያንስ ከስንት ሰዓት እስከ ስንት ሰዓት ባለው ጊዜ ልሥራው?