የወጥ ቤቱ ቱቦ ጉዳይ፦ ለጠቅላላ ጉባኤው ምን ይዘን እንግባ?

የማህበሩ ጸሐፊ፦ ሰላም ጎረቤቶች። የጋራ ሕንፃችን ማህበር ጉባኤ አጀንዳ እሁድ ይዘጋል። በእኛ መግቢያ ያሉት አምስቱ ቤቶች ስለ ሲንኩ ድምፅ ያነሳችሁት እንዲያዝ አንድ የተጻፈ ሐሳብ ያስፈልገናል። ቅሬታ ብቻ ይዘን ከገባን እንዳለፈው ጊዜ «ቧንቧ ሠራተኛ አምጡ» ተብለን ነው የምንወጣው። እስቲ የምትሰሙትን በትክክል ጻፉ። መቼ ነው የሚጮኸው? እናንተ ውሃ ስትለቁ ነው ወይስ እንዲሁ?

ምድር ቤት፦ የእኔ እንዲሁ ነው ልጄ። ሳህን ሳላጥብ፣ ቧንቧ ሳልከፍት ያገሳል። ውሃ በፈረቃ የሚመጣ ዕለት ሁሉም ሌሊት ስለሚያጥብ እንቅልፍ የለኝም። ሲፎኑን፣ ከሲንኩ ሥር ያለውን ጎባጣ ቱቦ፣ ሁለት ጊዜ ከኪሴ አስቀይሬያለሁ፣ ምንም ለውጥ የለውም። ባለፈው ሳምንት ደግሞ እኔ ሽሮ ሳልሠራ የሽሮ እጣቢ ሲንኬ ውስጥ ቆሞ አገኘሁ።

ሁለተኛ ፎቅ፦ እኛ ጋ ላይ ቤት ሲለቁ ጉር ጉር ይላል፣ ከዚያ ሽታ ይከተላል። አምስታችንም በአንድ ቀን ኮስቲክ ሶዳ ብንደፋበትስ?

ሦስተኛ ፎቅ፦ ወንድሜ፣ ሶዳውን ተወው። ሥራዬ የሳኒተሪ ዝርጋታ ስለሆነ ውጤቱን ደጋግሜ አይቻለሁ። ሶዳ ቅባቱን ወደ ሳሙና ይለውጠዋል፣ እሱ ደግሞ ታች ወርዶ ሲቀዘቅዝ የቱቦው መታጠፊያ ላይ ይደርቃል። ታች ያሉት እትዬ ናቸው። አንዱ አሲድ ሌላው በረኪና ከጨመረበትማ የሚወጣው ጋዝ ሳንባ ይጎዳል፣ ይሄን በልጆች ቤት አናድርገው።

ነገሩ እንዲህ ነው። ከሲንኩ ሥር ያለው ሲፎን ሁልጊዜ ጥቂት ውሃ ይዞ ይቆያል፣ ሽታውን የሚያግደው እሱ ነው። ከላይ ብዙ ውሃ በአንዴ ሲወርድ የሁላችንም ሲንክ የሚገናኝበትን ዋና ቱቦ ሞልቶ ከፊቱ ያለውን አየር ይገፋል፣ ከኋላው ደግሞ ይስባል። የሚሳበው አየር መግባት ያለበት ጣሪያ ላይ በሚወጣው መተንፈሻ ነው። መተንፈሻው ከተዘጋ ቱቦው አየሩን በየቤታችን ሲፎን በኩል ይስባል፣ ጉር ጉር የሚለው ያኔ ነው። ውሃውንም መጦ ስለሚወስደው ሽታው ይመጣል። ራስህ ስትለቅ ብቻ ከጮኸ ችግሩ የራስህ ሲፎን ወይም አግድም ቱቦ ነው። ሌላ ሰው ሲለቅ ከጮኸ ግን የጋራው ነው።

ሐሙስ ማታ እንሞክረው። አራተኛ ፎቅ ሲንኩን ደፍኖ ይሙላና በአንዴ ይልቀቅ። ሌሎቻችን ቧንቧ ሳንከፍት ቆመን እንስማ።

አራተኛ ፎቅ፦ ተከራይ ብሆንም እኔም አለሁበት። ሦስት ሰዓት ላይ እለቃለሁ።

አንደኛ ፎቅ፦ የሐሙሱን ልጻፍ። ሦስተኛና ሁለተኛ ፎቅ ጉር ጉር ብሎ የሲፎኑ ውሃ ወደ ታች ተሳበ። እኔ ጋ ትንሽ። እትዬ ጋ ግን ቡልቅ ቡልቅ እያለ ወደ ላይ ነው የገፋው።

አራተኛ ፎቅ፦ ዓርብ ጠዋት ጥበቃው መሰላል ይዞልኝ ጣሪያ ወጣሁ። የመተንፈሻው አፍ ላይ ጥቁር ፌስታል በሽቦ ታስሮበታል! ፀሐይ መትቶት ስነካው ይፈረፈራል፣ ከሥሩ የእርግብ ላባና ጭራሮ ሞልቷል። ሮቶው ሲተከል ቆሻሻ እንዳይገባ አስረውት የረሱት ይመስለኛል። አውጥቼዋለሁ።

ሁለተኛ ፎቅ፦ ማታ ደግመን ሞከርነው። እኛ ጋ ጸጥ አለ፣ እውነት ለመናገር አላመንኩም።

ምድር ቤት፦ እኔ ጋ ቀነሰ እንጂ አልጠፋም።

ሦስተኛ ፎቅ፦ እትዬ፣ የእርስዎ ሁለተኛ ምክንያት አለው። ታች ቱቦው የሚታጠፍበት ቦታ ጠቧል፣ የተገፋው አየር መውጫ ሲያጣ በእርስዎ ሲንክ ይወጣል። ዛሬ ማንሆሉን ከፍተን አየነው። ቅባቱ እንደ ሻማ ነጭ ሆኖ ግድግዳው ላይ ሁለት ጣት ያህል ወፍሯል፣ የቡና አተላና የምስር ቅርፊት ተለጥፎበታል። በስፕሪንግ፣ ቱቦ ውስጥ በሚገባው ተጣጣፊ ሽቦ፣ ተጠርጎ በግፊት ውሃ መታጠብ አለበት። ከዚያ የምድር ቤቱ ሲንክ ከዋናው ቱቦ ተነጥሎ ለብቻው በቀጥታ ወደ ማንሆሉ ይግባ። ያለዚህ በዓል በመጣ ቁጥር ወደዚሁ እንመለሳለን።

አንደኛ ፎቅ፦ ክፍያው ላይ ነው ጭቅጭቁ የሚመጣው። የወዲያኛው መግቢያ ሰዎች «የእናንተ ቱቦ ነው» ይሉናል።

የማህበሩ ጸሐፊ፦ ከየቤቱ ግድግዳ ውጭ ያለው ቱቦ የጋራ ነው። የጋራ ሕንፃ ቤት ባለቤትነት አዋጁም (ቁጥር 370/1995) የጋራ መጠቀሚያውን የማስተዳደር ሥራ የሰጠው ለማህበሩ ነው። የእነሱም መተንፈሻ አብሮ ይታይ ብለን ብናቀርብ ይቀበሉናል። ረቂቁ ይኸው፦

«ማህበሩ ከመጠባበቂያው ወጪ በማድረግ የሁለቱንም መግቢያ የወጥ ቤት ዋና ቱቦና ማንሆል ያስጠርግ፣ መተንፈሻዎቹን ወንፊት ያልብስ፣ የምድር ቤቶቹን ሲንክ ለብቻ ወደ ማንሆል ያስገባ። እያንዳንዱ ቤት የራሱን ሲፎንና የሲንክ ወንፊት በራሱ ያሟላል።»

ምድር ቤት፦ ሰው የሌለባቸውን ቤቶችም ጨምሩ። ሲፎናቸው ደርቆ ሽታው ወደ ደረጃው ይወጣል። ባለቤቶቹ አልፎ አልፎ ውሃ ያስደፉ።

ሁለተኛ ፎቅ፦ የመጥበሻ ዘይት ሲንክ ውስጥ አይደፋ የሚለውም ይግባ። እኔ ራሴ እደፋ ነበር፣ አሁን በጠርሙስ ይዤ ከቆሻሻ ጋር ነው የማወጣው። ደግሞ እትዬ ለሁለቱ ሲፎን ያወጡት ይመለስላቸው፣ ችግሩ የእሳቸው አልነበረም።

ሦስተኛ ፎቅ፦ እስማማለሁ። የሥራ ዝርዝሩን እኔ እጽፋለሁ፣ ዋጋ ግን ከሦስት ሠራተኞች ይጠየቅ፣ እኔ አልወዳደርም።

የማህበሩ ጸሐፊ፦ ሁሉንም አስገብቻለሁ። ነገ ከቅዳሴ መልስ ወረቀቱ ጥበቃው ጋ ይቀመጣል። አምስታችሁም ፈርሙ፣ አራተኛ ፎቅ የአከራይህን ፊርማ በስልክ ፎቶ አስልከህ አምጣ። ፌስታሉንና ሽቦውን አትጣለው፣ ለጉባኤው እናሳያለን።